የመጀመሪያ አክሽን ካሜራችሁን ከመግዛታችሁ በፊት የት እንደምታስሩት ወስኑ

ሰውነት ወይም ብስክሌት ላይ ስለሚታሰሩት ትንንሽ ካሜራዎች፣ ስለ አክሽን ካሜራ፣ «የትኛውን ልግዛ?» ብለው የሚጠይቁኝ ሰዎች ብዙ ናቸው። አብዛኞቹ አብረውኝ ብስክሌት የሚነዱ ወይም ቅዳሜና እሁድ ለእግር ጉዞ የሚወጡ ልጆች ናቸው። የሚፈልጉት ሞዴል እንድጠራላቸው ነው። እኔ ግን መልሼ የምጠይቀው አንድ ነገር ነው። ካሜራውን የት ልታስሩት ነው? ደረት ላይ? ሄልሜት ላይ? የብስክሌት መሪ ላይ? ወይስ በእጃችሁ ልትይዙት? ይሄን የመለሰ ሰው ግማሹን ምርጫ ጨርሷል። ያልመለሰ ሰው ግን የፈለገውን ያህል ብር ቢያወጣ ካሜራው መሳቢያ ውስጥ ነው የሚከርመው።

ይሄን ያወቅኩት የራሴን ከመግዛቴ በፊት የሥራ ባልደረባዬን ጎፕሮ (ታዋቂ የአክሽን ካሜራ ነው) ተውሼ ስለሞከርኩ ነው። ከቻላችሁ እናንተም እንደዚያ አድርጉ። ከእንጦጦ ወደ ሽሮ ሜዳ የሚወርደውን አስፋልት መረጥኩ፤ ምክንያቱም ቁልቁለቱም፣ ኩርባውም፣ የባህር ዛፉ ጥላም አንድ ላይ ያሉበት መንገድ ነው። ያንኑ መንገድ ካሜራውን እያቀያየርኩ በማሰር ቀረጽኩት።

መጀመሪያ ሄልሜቴ አናት ላይ አደረግኩት። ቤት ገብቼ ስከፍተው ያ ሁሉ ቁልቁለት ሜዳ መስሏል። የሚታየው መንገድ ብቻ ነው፤ እኔ የለሁም፣ ብስክሌቱም የለም። መኪና መጣ አልመጣ ብዬ ወደ ኋላ በዞርኩ ቁጥር ምስሉም አብሮኝ ይዞራል፣ የሚያየውን ሰው ያጥወለውለዋል። ቀጥሎ መሪው ላይ። አስፋልቱ ላይ ደህና ነበር። ሰፈር ውስጥ ገብቼ ኮብልስቶኑ ሲጀምር ግን ምስሉን የካሜራው ማረጋጊያ ቢያስተካክለውም ድምፁ ቆርቆሮ ጣሪያ ላይ በረዶ ሲወርድ ይመስል ነበር።

ከዚያ ደረት ላይ። ነገሩ የገባኝ እዚህ ላይ ነው። ሁለት እጆቼ፣ ኩርባው ሲቃረብ ፍሬኑን የሚጨብጡት ጣቶቼ፣ መሪው፣ ጉልበቶቼ፣ ከፊት ያለው መንገድ፣ ሁሉም አንድ ላይ ገቡ። ፍጥነቱ ይታያል። ተመልካቹ ብስክሌቱ ላይ የተቀመጠ ያህል ነው። ያንኑ የደረት ማሰሪያ ለእግር ጉዞ ስጠቀምበት ደግሞ ዳገት ላይ የተቀረጸው ሁሉ ድንጋይና ጫማ ሆነ። ሰው ዳገት ሲወጣ ወደ ፊት ያጎነብሳላ! ለእግር ጉዞ የሚሻለው የጀርባ ቦርሳ ማንገቻ ላይ ቆንጥጦ የሚይዝ ማሰሪያ ነው፤ ትንሽ ወደ ላይ አቅኑት፣ አለቀ። አንድ ካሜራ፣ አንድ መንገድ፣ አንድ ሰው፤ ልዩነቱን ያመጣው የታሰረበት ቦታ ብቻ ነው።

ነገሩ ከሥሩም እንደዚያ ነው። የጎፕሮ መሥራች ኒክ ውድማን እ.ኤ.አ. በ2002 ሲጀምር ይዞት የተነሳው ሐሳብ ማሰሪያ ነበር። ማዕበል ላይ በሰሌዳ የሚንሸራተት ሰው ስለነበር ካሜራውን እጁ ላይ አጥብቆ የሚይዝለት ነገር ፈለገ። ካሜራው ራሱ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። እ.ኤ.አ. በ2004 የወጣው የመጀመሪያው ሂሮ በ35 ሚሊሜትር ፊልም የሚሠራ፣ የእጅ አንጓ ላይ የሚታሰር ካሜራ ነበር። ስለዚህ ማሰሪያውን «በኋላ የምገዛው ትርፍ ዕቃ» አድርጋችሁ አትዩት።

ከዚህ በፊት ግን አንድ ጥያቄ ይቀራል። ስልካችሁ አይበቃችሁም ወይ? ከልቤ ነው የምጠይቃችሁ። የልጅ ልደት፣ ሠርግ፣ ምግብ አሠራር፣ ቆማችሁ የምታወሩበት ቪዲዮ ከሆነ የዛሬ ስልክ ከአክሽን ካሜራ የተሻለ ይቀርጻል፤ በተለይ ቤት ውስጥና ማታ። አክሽን ካሜራ የሚያስፈልገው እጃችሁ ሥራ ሲይዝ፣ ውሃ ሲኖር፣ አቧራ ሲኖር፣ መውደቅ ሲኖር ነው። ሞተር ላይ ስልክ አስሮ መቅረጽ ግን አይመከርም። አፕል ራሱ እ.ኤ.አ. በ2021 ኃይለኛ የሞተር ሳይክል ንዝረት የአይፎንን ካሜራ ሊጎዳ እንደሚችል አስጠንቅቋል፤ ምክንያቱም ስልኩ ውስጥ ሌንሱን የሚያረጋጋው ክፍል ስስ ነው። አክሽን ካሜራዎች ምስሉን በአብዛኛው የሚያረጋጉት በሶፍትዌር ስለሆነ ንዝረቱን ይችሉታል።

እሺ፣ ያስፈልገኛል ካላችሁ ወደ ምርጫው እንሂድ።

በእጃችሁ ይዛችሁ እየሄዳችሁ የምታወሩ ከሆነ፣ ከተማ ለከተማ፣ ካፌ ለካፌ፣ አክሽን ካሜራ ላይሆን ይችላል የሚያስፈልጋችሁ። የዲጄአይ ኦስሞ ፖኬት 3 አይነቱ፣ ራሱን በሞተር የሚያረጋጋው፣ ለዚያ ሥራ ይበልጣል። ግን ውሃ አይችልም፣ ቢወድቅም ያሳዝናል። ዝናብ ላይ፣ ጥምቀት ላይ ውሃ ሲረጭ፣ ያንን ይዛችሁ አትጠጉ።

ደረት፣ ሄልሜት ወይም ቦርሳ ላይ ከሆነ ምርጫው ጎፕሮ ሂሮ፣ ዲጄአይ ኦስሞ አክሽን እና ኢንስታ360 ኤስ ፕሮ መካከል ነው። ሦስቱም ጥሩ ናቸው። ለጀማሪ በመካከላቸው ያለው ልዩነት ሰዎች የሚጨቃጨቁበትን ያህል ሰፊ አይደለም። ጎፕሮ ማሰሪያው በየቦታው ይገኛል፣ ቀን ላይ ቀለሙ ያምራል። ዲጄአይ ባትሪው ይቆያል፣ ቶሎ ቻርጅ ያደርጋል፣ ከማሰሪያው ጋር በማግኔት ነው የሚገናኘው። ኤስ ፕሮ ስክሪኑ ወደ ፊት ይገለበጣል፣ ራሳችሁን እያያችሁ ለመቅረጽ ይመቻል። ለትንሽ ልጅ ወይም ክብደት ለሚያስጨንቀው ሰው ኢንስታ360 ጎ 3ኤስ አለ፤ 39 ግራም ብቻ ነው፣ ልብስ ላይ በማግኔት ይያዛል። ግን ሚሞሪ ካርድ አይቀበልም፣ ባትሪውም አይቀየርም፤ ስትገዙት የመረጣችሁት ጊጋ ያው ነው።

ሁሉንም አቅጣጫ በአንድ ጊዜ የሚቀርጹት፣ እነ ኢንስታ360 ኤክስ4፣ ያጓጓሉ። እንደ መጀመሪያ ካሜራ አልመክራቸውም። ከቀረጻችሁ በኋላ ቁጭ ብላችሁ የትኛው አቅጣጫ ይታይ የሚለውን መምረጥ ግድ ነው። ሌንሶቹ ደግሞ በሁለቱም በኩል ወጣ ብለው ስለሚታዩ በትንሽ መውደቅ ይጫራሉ።

እኔ የገዛሁት ኦስሞ አክሽን 4 ነው። እ.ኤ.አ. በ2023 የወጣ ነው፤ ስገዛው አዲሱ አክሽን 5 ፕሮ ወጥቶ ነበር። አሮጌውን የመረጥኩበት ምክንያት ግልጽ ነው። የምወጣው በማለዳ ነው፣ ብርሃኑ ገና ሳይበረታ። የ4ቱ ሴንሰር (ብርሃኑን የሚቀበለው ክፍል) ከቀድሞው አክሽን 3 ይተልቃል፣ ከ5 ፕሮ ጋር ደግሞ በመጠን እኩል ነው። ከአዲሱ የሚቀረው አብሮ የተሠራ ማስቀመጫና ረዘም ያለ የባትሪ ዕድሜ ነው፤ ለእኔ አጓጊ አልነበሩም። በተረፈው ገንዘብ ተጨማሪ ባትሪ፣ ጥሩ ሚሞሪ፣ የደረትና የቦርሳ ማሰሪያ ገዛሁ። በዚህ ደስተኛ ነኝ። ብዙ ጊዜ መስከረም አካባቢ አዲስ ሞዴል ይወጣል፤ ያኔ ያምናው ይረክሳል። ጀማሪ መግዛት ያለበት ያምናውን ነው።

አክሽን 4 ለእኛ ሀገር ልዩ የሆነ አንድ ጥቅምም አለው። በ30 ዋት ቻርጀር ከ20 ደቂቃ ባነሰ ጊዜ ውስጥ 80 በመቶ ይደርሳል። መብራት ለትንሽ ጊዜ መጥቶ ሲሄድ ይሄ ትልቅ ነገር ነው። ግን ቻርጀሩ ካርቶኑ ውስጥ የለም፤ ገመዱ ብቻ ነው ያለው። የስልካችሁ አሮጌ ቻርጀር ቀስ ብሎ ነው የሚሞላው።

አሁን ካርቶኑ ላይ ስለተጻፉት ቁጥሮች ላውራ። ሻጮች በቁጥር ነው የሚያሸንፏችሁ።

«ውሃ ውስጥ ይገባል» ትባላላችሁ። የጎፕሮዎቹ ያለ ተጨማሪ መያዣ እስከ 10 ሜትር፣ የአክሽን 4 እስከ 18 ሜትር ነው። ጥሩ። ግን የት ነው የምትጠልቁት? ላንጋኖ ውሃው ቡናማ ነው፤ ክንዳችሁን ዘርግታችሁ ጣታችሁን አታዩም። እዚያ 10 ሜትርና 18 ሜትር አንድ ነው። ጅዳ ወይም ኢላት ሆናችሁ ቀይ ባህር የምትገቡ ከሆነ ልዩነቱ ትርጉም አለው፤ ከወጣችሁ በኋላም ጨዉን በንጹህ ውሃ እጠቡት። እዚህ ላለን ሰዎች ውሃ መቻሉ የሚጠቅመው ለክረምቱ ዝናብ፣ ለጢስ ዓባይ ፍንጣሪ፣ ጃን ሜዳ ጸበል ሲረጭ ነው። ለዚያ ሁሉም ይበቃሉ።

«ባትሪው 160 ደቂቃ ይቆያል» ትባላላችሁ። ያ ቁጥር የሚገኘው በዝቅተኛ የምስል ጥራት፣ ስክሪኑ ጠፍቶ፣ ዋይፋይ ጠፍቶ ነው። በ4ኬ፣ ማለትም በከፍተኛ የምስል ጥራት፣ ስክሪኑን እያያችሁ ስትቀርጹ ከዚያ በብዙ ያነሰ ነው። ብርድም ይበላዋል። ሰሜን ተራሮች ካምፕ የምታድሩ ከሆነ ባትሪዎቹን ከድንኳን ውጭ ቦርሳ ውስጥ አታሳድሩ፤ ጃኬታችሁ ኪስ ውስጥ፣ ከሰውነታችሁ ጋር ይደሩ። ሙቀትም የራሱ ችግር አለው። ዳሎል ከባህር ወለል በታች ከ100 ሜትር በላይ ዝቅ ያለ ሥፍራ ነው፤ እዚያ ፀሐይ ላይ አቁማችሁ በ4ኬ ረጅም ቪዲዮ ብትቀርጹ ማንኛውም ካሜራ ሞቆ ይጠፋል። ነፋስ ሲያገኝ ይበርዳል። አጭር አጭር እያደረጋችሁ ቅረጹ፣ በመሃል ጥላ ውስጥ አስገቡት።

ስለ 4ኬ ደግሞ። እውነተኛ 4ኬ አለ፣ የተለጠጠም አለ። በጣም ርካሽ የሆኑት፣ ስማቸው የማይታወቅ ካሜራዎች፣ ካርቶናቸው ላይ 4ኬ ተጽፎ ውስጡ ግን ትንሽ ሴንሰር ያነሳውን ምስል ለጥጠው ነው የሚያስቀምጡት። «ወንድሜ፣ ከኦሪጅናሉ ምንም አይለይም፣ ስሙ ነው የሚወደደው» ይሏችኋል። ይለያል። ማረጋጊያ የላቸውም፤ ቢኖራቸውም ለስሙ ነው። ውሃ የሚችሉት በፕላስቲክ መያዣው ውስጥ ሲገቡ ብቻ ነው፤ መያዣው ውስጥ ሲገቡ ደግሞ ድምፅ የለም። በጀታችሁ ትንሽ ከሆነ አዲስ ቅጂ ከመግዛት ያገለገለ ሂሮ 9 ወይም ኦስሞ አክሽን 3 ፈልጉ። በዚህ ላይ አቋሜ ጠንካራ ነው፤ የመጀመሪያ ካሜራው መጥፎ የሆነበት ሰው ሁለተኛ አይገዛም፣ ፍላጎቱ እዚያው ይሞታል።

ማረጋጊያ ስል፣ ጎፕሮ ሃይፐርስሙዝ ይለዋል፣ ዲጄአይ ሮክስቴዲ፣ ኢንስታ360 ፍሎስቴት። ሥራቸው አንድ ነው፤ የምስሉን ዳር ዳር ቆርጠው መሃሉን ያረጋጋሉ። ብርሃን ይፈልጋሉ። ሲመሽ ካሜራው እያንዳንዱን ፍሬም (ቪዲዮው የሚሠራበትን አንድ አንድ ምስል) ረዘም አድርጎ ስለሚቀርጽ ምስሉ ይደበዝዛል፤ ማረጋጊያው የደበዘዘውን ምስል ሲያስተካክል የሚንቀጠቀጥ ብዥታ ይወጣል። መስቀል አደባባይ ደመራ ማታ ስትቀርጹ ቁሙ፣ ክንዳችሁን ወደ ሰውነታችሁ አስጠጉ፣ አትራመዱ። የትኛውም ብራንድ ከዚህ አያድናችሁም፤ ሴንሰሩ ተለቅ ያለው ብቻ በመጠኑ ይሻላል።

ብዙ ሰው የማያውቀውና ደጋግሜ የምናገረው አንድ ቅንብር አለ። የእኛ ሀገር ኤሌክትሪክ 50 ኸርዝ ነው። አንዳንድ ካሜራ ከካርቶኑ ሲወጣ በ60 ኸርዝ ተስተካክሎ ነው፤ በተለይ ከአሜሪካ የመጣ ከሆነ። በዚያ ቅንብር ቤት ውስጥ ወይም ሱቅ ውስጥ ስትቀርጹ ምስሉ ላይ መስመር ይመላለሳል፣ መብራቱ ይርገበገባል። ካሜራው የተበላሸ ይመስላችኋል። አልተበላሸም። ቅንብሩ ውስጥ መርገብገብን የሚከላከለውን ፈልጋችሁ 50 ኸርዝ አድርጉት፤ ከዚያ በሰከንድ በ25 ወይም በ50 ፍሬም ቅረጹ።

ወደ ሚሞሪ እንምጣ። እዚህ ላይ ዝም ብዬ አላልፍም፣ ምክንያቱም ካሜራውን በትልቅ ገንዘብ ገዝቶ ሚሞሪው ላይ የሚቆጥብ ሰው በጣም አያለሁ።

መጀመሪያ ሒሳቡ። ካሜራው በሰከንድ 100 ሜጋቢት ሲጽፍ በሰዓት 45 ጊጋ ይሆናል። 128 ጊጋ ካርድ ሦስት ሰዓት እንኳ አይሞላም ማለት ነው። ለአንድ ቀን ጉዞ ይበቃል፤ ለሳምንት ጉዞ አይበቃም። ካርዱ ላይ ቪ30 ወይም ዩ3 የሚል ምልክት ይኑር፤ ትርጉሙ ቢያንስ በሰከንድ 30 ሜጋባይት ሳያቋርጥ ይጽፋል ነው። ፊት ለፊት በትልቁ የሚጻፈው 170 ወይም 200 ሜጋባይት የሚለው ቁጥር ብዙ ጊዜ የማንበቢያ ፍጥነት ነው፤ አትዩት።

ቀጥሎ ፎርጅድ። ገበያው በፎርጅድ ሚሞሪ የተሞላ ነው። 512 ጊጋ ተብሎ የተጻፈበት ካርድ ውስጡ 32 ጊጋ ሊሆን ይችላል። ስልካችሁም ኮምፒውተራችሁም 512 ብለው ነው የሚያሳዩት፣ ምክንያቱም ካርዱ እንዲዋሽ ተደርጎ ነው የተሠራው። ችግሩ የሚታየው ሲሞላ ነው፤ አዲሱ ቪዲዮ ይጠፋል ወይም አይከፈትም። እኔ ካርድ ስገዛ ከሻጩ ጋር አስቀድሜ እነጋገራለሁ፤ «ቤት ወስጄ እፈትሸዋለሁ፣ ካልሆነ እመልሳለሁ» እላለሁ። በዚህ የማይስማማ ሻጭ ካለ ወደ ሚቀጥለው ሱቅ ነው። ቤት ውስጥ ዊንዶውስ ላይ ኤች2ቴስትደብሊው፣ ማክና ሊኑክስ ላይ ኤፍ3 የሚባሉ ነፃ ፕሮግራሞች አሉ። ካርዱን ጢም አድርገው ይሞሉትና መልሰው ያነቡታል። ሰዓታት ይወስዳል፣ ማታ ከፍታችሁ ተኙ። ጠዋት ላይ የጻፉት ሁሉ ተመልሶ ከተነበበ ካርዱ እውነተኛ ነው። ከዚያ ካርዱን ካሜራው ውስጥ ፎርማት አድርጉት፤ ኮምፒውተር ላይ አይደለም።

ስለ ግዢው። በሐምሌ 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪ ዋጋ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ ወዲህ የኤሌክትሮኒክስ ዋጋ አንድ ቦታ አይቆምም፤ ስለዚህ በብር ዋጋ ብጽፍላችሁ ነገ ይሳሳታል። ማመዛዘኛ እንዲሆናችሁ ግን ሲወጡ የነበራቸውን የዶላር ዋጋ ያዙ። ሂሮ 13 ብላክ 399፣ አክሽን 5 ፕሮ 349፣ እ.ኤ.አ. የ2024ቱ ትንሹ ሂሮ 199 ዶላር ነበር። ሻጩ የሚጠራላችሁን ብር በዕለቱ ምንዛሪ አካፍሉትና ከዚህ ጋር አስተያዩት። ትንሽ ትርፍ ተገቢ ነው፤ ሰውየው ሱቅ ይከራያል፣ ቀረጥ ይከፍላል። እጥፍ ከሆነ ግን ቸር ሰንብት በሉት።

ብዙዎቻችን የምናስመጣው ዱባይ ባለ ዘመድ ነው። እኔም የአክስቴ ልጅ ነው ያመጣልኝ። ሁለት ነገር አደራ በሉ። ደረሰኙን እንዲያስቀምጥ፤ ዋስትናው የሚሠራው በተገዛበት አካባቢ ሊሆን ስለሚችል ችግር ቢኖር በእሱ በኩል ነው የሚመለሰው። ሁለተኛ፣ እዚያው እያለ ከፍቶ እንዲያየው። የዲጄአይ ካሜራ መጀመሪያ ሲከፈት ሚሞ በሚባለው መተግበሪያ፣ በኢንተርኔት መመዝገብ አለበት። መተግበሪያው አንድሮይድ ላይ ከፕሌይ ስቶር አይገኝም፣ ከራሱ ከዲጄአይ ድረ ገጽ ነው የሚወርደው። ይሄን የማያውቅ ሰው ካሜራውን ይዞ ገጠር ወርዶ እዚያ ሊከፍተው ሲሞክር ምን እንደሚሆን አስቡት።

ያገለገለ ከሆነ ደግሞ አትቸኩሉ። የባትሪውን በር ክፈቱ። በሩ ዙሪያ ቀጭን ጎማ አለ። ስልካችሁን አብርታችሁ ጎማውን ቀርባችሁ እዩት፤ አሸዋ አለ? ተቆርጧል? በአንድ በኩል ተነስቷል? ያ ጎማ ነው ውሃውን የሚከለክለው። ቦታው ላይ ዝገት ወይም አረንጓዴ ነገር ካያችሁ ካሜራው ውሃ ጠጥቷል ማለት ነው፣ ሂዱ። ባትሪውን ጠረጴዛ ላይ አስተኙት፤ ካበጠ ይወዛወዛል። ነጭ ወረቀት ፊት አድርጋችሁ ቅረጹና ቪዲዮውን ስልክ ላይ አስፍታችሁ እዩ፤ ጭረት ካለ እዚያ ይታያል። የሌንሱ መሸፈኛ መስታወት ብዙዎቹ ላይ ስለሚቀየር ጭረት ብቻውን አያስደነግጥም፤ ዋጋ ለማስቀነስ ግን ይጠቅማል። በመጨረሻ በ4ኬ ለሃያ ደቂቃ ያህል ሳታቋርጡ ቅረጹ። ሻጩ «ምን ያህል ትቆያላችሁ?» ብሎ ቢያጉረመርም ቡና ጋብዙት።

ከመግዛታችሁ በፊት ሌላ ነገርም ሞክሩ። ከካሜራው ባለቤት አንድ የ4ኬ ቪዲዮ ወደ ስልካችሁ አስላኩና ክፈቱት። ብዙዎቹ ካሜራዎች ቪዲዮውን የሚያስቀምጡት ኤች265 በሚባል አጨማመቅ ነው፤ አሮጌ ላፕቶፕና መካከለኛ ስልክ ይቆራረጥባቸዋል። ኤዲት የምታደርጉት በስልክ፣ በካፕካት ከሆነ ይሄ ወሳኝ ነው። ቴሌግራም ያለ ክፍያ በአንድ ፋይል የሚቀበለው እስከ 2 ጊጋ ነው፤ የሞባይል ዳታችሁንም አስቡ። ለጀማሪ ከ4ኬ ዝቅ የሚለው 1080 ጥራት ይበቃል ብዬ አፌን ሞልቼ እናገራለሁ። 4ኬ የምትቀርጹት መልካም ነገር ሲገጥማችሁ ነው፣ ወንጪ ሐይቁ ከላይ ሲታይ፣ ጭላዳ መንጋ ሲያልፍ።

ድምፅ። ብስክሌት ላይ ፍጥነት ሲጨምር የነፋሱ ድምፅ ሁሉንም ይውጠዋል። የስፖንጅ መሸፈኛ ርካሽ ነው፣ ብዙ ያግዛል። ደረት ላይ ስታስሩት ጃኬታችሁ ማይኩን እንዳይፈትገው ዚፑን ዝጉ። እየነዳችሁ ማውራት ከፈለጋችሁ ገመድ አልባ ማይክ ያስፈልጋችኋል፤ አክሽን 5 ፕሮ ከዲጄአይ ማይክ 2 ጋር ያለ ተቀባይ በቀጥታ ይገናኛል። ማውራት የማትፈልጉ ከሆነ ገንዘባችሁን አታባክኑ። እኔ ቁሜ ነው የማወራው፣ ከነፋሱ ጀርባዬን አዙሬ።

የመጀመሪያ ቀን ቅንብሬን ልንገራችሁ። 1080 ወይም 4ኬ በ50 ፍሬም፤ በኋላ ቪዲዮውን ቀስ ብሎ እንዲሄድ (ስሎው ሞሽን) ማድረግ ብትፈልጉ ይመቻል። ሲመሽ 25። የእይታ ስፋቱን ሊኒየር አድርጉት፣ ሰው ሰው ይመስላል፤ ሰፊው እይታ ዳር ላይ የቆመውን ሰው ያጣምመዋል። ደረት ላይ ለብስክሌት ግን ሰፊውን ተጠቀሙ። አይኤስኦ (ካሜራው ብርሃን ሲያንስ ምስሉን የሚያደምቅበት መጠን) ከፍተኛውን 1600 ላይ ገድቡት። ሰማዩ ነጭ ሆኖ ከጠፋ የብርሃኑን መጠን ትንሽ ወደ ታች ዝቅ አድርጉ፤ እዚህ ከፍታ ላይ ፀሐዩ ኃይለኛ ነው። ሌንሱን በሸሚዝ አትጥረጉ፤ መጀመሪያ አቧራውን እፍ በሉት፣ ከዚያ በንጹህ ለስላሳ ጨርቅ።

ሩጫ ለምትሮጡ ልጆች አንድ ነገር። ታላቁ ሩጫ በኢትዮጵያ ላይ ደረታቸው ላይ አስረው የሚሮጡ አያለሁ። በዚያ ሕዝብ መሃል ደረት ላይ ያለ ካሜራ የሚቀርጸው ፊት ለፊት ያለውን ሰው ጀርባ ነው። አጭር ዘንግ ይዛችሁ ከራሳችሁ ከፍ አድርጉት፤ ያ ሁሉ ቲሸርት እንደ ወንዝ ሲወርድ የሚታየው ከላይ ነው።

ደረት ላይ ያለ ካሜራ ሰው አያስተውለውም። ገበሬ መንገድ ስትጠይቁ፣ እናቶች እንጨት ተሸክመው ሲያልፉ፣ እየተቀረጹ እንደሆነ አያውቁም። ንገሯቸው። «እናቴ፣ እየቀረጽኩ ነው፣ ይፈቅዳሉ?» ማለት ምንም አይከብድም፤ ካልፈለጉ አጥፉት። ቤተ ክርስቲያን ግቢ ስትገቡ አስፈቅዱ። ጥበቃ ያለበት መሥሪያ ቤት፣ የጦር ካምፕ፣ ቤተ መንግሥት አካባቢ ስትደርሱ ደግሞ ማጥፋት ብቻ አይበቃም። ጥበቃው ካሜራው መጥፋቱን በምን ያውቃል? ከደረታችሁ ፈታችሁ ቦርሳ ውስጥ ክተቱትና እለፉ።